የተጫኑ የኮምፒውተር ጌሞችን ወደ ሌላ ሃርድ ዲስክ ስለማዛወር ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

የአዳማው የፍጥነት መንገድ በሚጀምርበት በቱሉ ዲምቱ፣ ከኮንዶሚኒየሞቹ ሥር ባለች አነስተኛ ሱቅ ውስጥ ኮምፒውተር እጠግናለሁ። በየሳምንቱ ከሚቀርቡልኝ ጥያቄዎች ብዙዎቹ «ሲ ሞልቷል፣ ጌሙን ግን ማጥፋት አልፈልግም» በሚል አንድ ዓረፍተ ነገር ይጀምራሉ፤ ሲ ማለት ዊንዶውስ የተጫነበት የዲስክ ክፍል ነው። ጌሙን አጥፍቶ እንደገና ማውረድ የኢንተርኔት ክፍያ ለማያሳስበው ሰው ቀላል መፍትሔ ሊሆን ይችላል፤ በሞባይል ዳታ ለሚጠቀምና መብራት በማንኛውም ሰዓት ሊጠፋበት ለሚችል የዳር ሠፈር ነዋሪ ግን አንድ ጊዜ የወረደ ጌም ተጠብቆ የሚያዝ ንብረት ነው። ስለዚህ ከዚህ በታች ያሉት መልሶች ሁሉ ጌሙን እንደገና ሳያወርዱ ማዛወርን መነሻ ያደረጉ ሲሆኑ፣ የሚመለከቱትም ዊንዶውስ 10 ወይም ዊንዶውስ 11 የተጫነባቸውን ኮምፒውተሮች ነው።

የጌሙን ፎልደር ቆርጬ ሌላ ሃርድ ዲስክ ላይ ብለጥፈው ምን ችግር አለው?

ሁለት ችግር አለው። የመጀመሪያው፣ ጌም ሲጫን የሚቀመጠው በአንድ ፎልደር ውስጥ ብቻ አለመሆኑ ነው። ትልቁ ክፍል፣ ማለትም ምስሉ፣ ድምፁና ዋናው ፕሮግራም፣ በእርግጥ በፎልደሩ ውስጥ ይገኛል፤ ነገር ግን ጌሙ የት እንደተጫነ የሚናገረው መረጃ ሬጅስትሪ በሚባለው የዊንዶውስ መዝገብ ወይም እንደ ስቲም ባሉ የጌም ማስተዳደሪያ ፕሮግራሞች መዝገብ ውስጥ ይጻፋል፤ ጌሙ እንዲነሣ የሚያስፈልጉት እንደ ዳይሬክትኤክስና ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ያሉ አጋዥ ፋይሎች ከራሱ ከዊንዶውስ ጋር በሲ ላይ ይቀመጣሉ፤ የደረሱበት ደረጃ ደግሞ ብዙውን ጊዜ ዶክዩመንትስ ወይም አፕዳታ በሚባሉት ፎልደሮች ውስጥ ለብቻው ይያዛል። ፎልደሩ ብቻውን ሲነሣ እነዚህ ሁሉ የድሮውን አድራሻ እንደያዙ ይቀራሉ። ነገሩ ለወረዳም ለጎረቤትም ሳይናገር ቤት እንደለወጠ ተከራይ ነው፤ ሰውየው በሕይወት አለ፣ የሚፈልገው ሁሉ ግን የሚያንኳኳው የድሮውን በር ነው።

ሁለተኛው ችግር መቁረጡ ራሱ ነው። በዚያው በሲ ውስጥ ከአንድ ፎልደር ወደ ሌላው ቆርጠው ሲለጥፉ ዊንዶውስ የሚለውጠው የፋይሉን አድራሻ ብቻ ስለሆነ ሥራው በቅጽበት ያልቃል። ወደ ሌላ ዲስክ ሲሆን ግን እያንዳንዱ ፋይል መቀዳትና ከቀድሞው ቦታ መጥፋት አለበት። በመሃል መብራት ከጠፋ ጌሙ ግማሹ እዚህ፣ ግማሹ እዚያ ሆኖ ይገኛል፤ የትኛው ፋይል በሙሉ እንዳለፈና የትኛው በመሃል እንደተቋረጠ ለይቶ ማወቅም አድካሚ ነው። ስለዚህ ምንጊዜም አይቁረጡ፤ ይቅዱ። ከዚያም ጌሙን ከአዲሱ ቦታ ከፍተው ጥቂት ይጫወቱ፤ የድሮውን የሚያጠፉት ከዚያ በኋላ ይሁን። በዚህ ገጽ ላይ ሌላውን ሁሉ ቢረሱ ይህን ቅደም ተከተል አይርሱ።

ሲ ሞልቷል፣ ዲ ባዶ ነው፤ ጌሙን ወደ ዲ ባዛውረው ይፈጥናል?

በቅድሚያ ሲ እና ዲ በእርግጥ ሁለት ሃርድ ዲስኮች መሆናቸውን ያረጋግጡ። እኛ ዘንድ አንድ የተለመደ አሠራር አለ፤ ዊንዶውስ የሚጭነው ባለሙያ አንዱን ባለ 500 ጊጋባይት ሃርድ ዲስክ ለሁለት ከፍሎ ለሲ 100 ጊጋባይት ያህል ይሰጥና የቀረውን ለዲ ይተዋል። ኮምፒውተሩ ፎርማት በሚደረግበት ጊዜ በዲ ያለውን ፋይል ስለሚያተርፍ ልማዱን አልነቅፈውም። ይሁን እንጂ ሁለቱ ፊደሎች የአንድ ዲስክ ሁለት ክፍሎች እስከሆኑ ድረስ ጌሙን ከአንዱ ወደ ሌላው ማዛወር ቦታ ያስለቅቃል እንጂ ፍጥነት አይጨምርም። እንዲያውም በሚሽከረከር ሃርድ ዲስክ ላይ የመጀመሪያው ክፍል የሚያርፈው በዲስኩ ውጫዊ ጠርዝ በኩል ስለሆነ ከመጨረሻው ክፍል በመጠኑ ይፈጥናል።

ለማረጋገጥ የስታርት ምልክቱን በቀኝ ጠቅ አድርገው ዲስክ ማኔጅመንት የሚለውን ይክፈቱ። ሲ እና ዲ «ዲስክ 0» በሚለው አንድ ረድፍ ላይ ጎን ለጎን ከታዩ ዲስኩ አንድ ነው፤ ዲ «ዲስክ 1» በሚል በራሱ ረድፍ ላይ ከመጣ ሁለት ናቸው። ዲስኩ አንድ ከሆነ በዲ ላይ ያስቀመጡት ቅጂ እንደ መጠባበቂያ ሊቆጠር አይችልም፤ ዲስኩ የሞተ ዕለት ሁለቱም አብረው ይሄዳሉ።

ማዛወሩ ምን ያህል ጊዜ ይፈጃል?

የሚወስነው ከሁለቱ ዲስኮች ቀርፋፋው ወይም የሚያገናኛቸው ገመድ ነው። 100 ጊጋባይት የሚሆን ጌም በሰከንድ 100 ሜጋባይት በሚያስተላልፍ ተራ ሃርድ ዲስክ ላይ ወደ 17 ደቂቃ ይፈጅበታል። ያው ጌም በዩኤስቢ 2.0 በኩል ከሆነ፣ በተግባር የሚገኘው ፍጥነት በሰከንድ ከ30 እስከ 40 ሜጋባይት ስለሆነ፣ አንድ ሰዓት ሊጠጋ ይችላል፤ ስለዚህ ኤክስተርናሉን፣ ማለትም በገመድ ከውጭ የሚሰካውን ሃርድ ዲስክ፣ ብዙውን ጊዜ ውስጡ ሰማያዊ በሆነው የዩኤስቢ 3.0 ቀዳዳ ላይ ይሰኩት። ጌሙ በሺዎች ከሚቆጠሩ ጥቃቅን ፋይሎች የተሠራ ከሆነ ከዚህም ይዘገያል። ለንጽጽር ያህል፣ ይኸው ጌም በሰከንድ 10 ሜጋቢት (ስምንት ሜጋቢት አንድ ሜጋባይት ነው) በሚያደርስ የኢንተርኔት መስመር እንደገና ይውረድ ቢባል፣ መስመሩ አንድም ጊዜ ሳይቋረጥ ከ22 ሰዓት በላይ ይወስዳል።

የስቲም ጌሞችን እንዴት ላዛውር?

ከሁሉም የቀለለው ይህ ነው፤ ስቲም ራሱ ያዛውርልዎታል። ስቲምን ከፍተው ወደ ሴቲንግስ፣ ከዚያም ስቶሬጅ ወደሚለው ክፍል ይግቡ። ከላይ የዲስኩ ስም በሚታይበት ቦታ አዲሱን ዲስክ ይጨምሩ፤ ስቲም በዚያ ዲስክ ላይ የራሱን የጌም ፎልደር ይከፍታል። ከዚያም ወደ ድሮው ዲስክ ዝርዝር ተመልሰው ሊያዛውሯቸው የፈለጓቸውን ጌሞች ምልክት ያድርጉባቸውና ሙቭ የሚለውን ይጫኑ። አንድ ጌም ብቻ ከሆነ የጌሙን ስም በቀኝ ጠቅ አድርጎ ፕሮፐርቲስ፣ ኢንስቶልድ ፋይልስ በሚለው መንገድ መሄድም ይቻላል። ሥራው ሲያልቅ በዚያው ገጽ ላይ የፋይሎቹን ጤንነት የሚያረጋግጠውን ትእዛዝ ያስኪዱ፤ የጎደለ ወይም የተበላሸ ፋይል ካለ ያንኑ ብቻ እንደገና ያወርዳል።

አንዳንድ ደንበኞቼ ስቲምን ሳያምኑ በእጃቸው መቅዳት ይመርጣሉ። ይህም ይሠራል፤ ነገር ግን ምን እንደሚቀዱ ማወቅ አለባቸው። የጌሙ ፎልደር የሚገኘው ስቲምአፕስ በሚባለው ፎልደር ውስጥ፣ ኮመን በሚለው ሥር ነው። ከዚያ አንድ ደረጃ ከፍ ብሎ፣ በራሱ በስቲምአፕስ ውስጥ፣ ስማቸው አፕማኒፌስት ብሎ የሚጀምርና የጌሙን መለያ ቁጥር የያዙ ትንንሽ ፋይሎች አሉ፤ እያንዳንዱ ጌም የራሱ አለው። ፎልደሩ ያለዚህች ፋይል ከተቀዳ ስቲም ጌሙን እንዳልተጫነ ይቆጥረዋል። በዚህ ጊዜ መደናገጥ አያስፈልግም፤ ጌሙን በዚያው ዲስክ ላይ እንደ አዲስ ጫን ቢሉት ስቲም በቦታው ያሉትን ፋይሎች ራሱ አግኝቶ ይመረምራል፤ የሚያወርደውም የጎደለውን ብቻ ነው።

በአንድ ቤት ወይም በአንድ ጌም ቤት ውስጥ ሁለት ኮምፒውተሮች ካሉ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2023 የተጨመረ ጠቃሚ አገልግሎት አለ። ጌሙ አንዱ ኮምፒውተር ላይ ከተጫነና ሁለቱም በአንድ ራውተር ላይ ስቲምን ከፍተው ካሉ፣ ሁለተኛው ኮምፒውተር የጌሙን ፋይሎች ከኢንተርኔት ሳይሆን ከመጀመሪያው ይወስዳል። ዳታ በጊጋባይት እየገዛ ለሚጠቀም ሰው ይህ የሚያድነው ገንዘብ ቀላል አይደለም።

የኢፒክ ጌሞችስ?

ለዓመታት የተሠራበትና እኔም የማምነው ዘዴ የሚከተለው ነው። በመጀመሪያ የጌሙን ፎልደር ወደ አስተማማኝ ቦታ ይቅዱ። ቀጥሎ በኢፒክ ላውንቸር፣ ማለትም በኢፒክ የጌም ማስተዳደሪያ ፕሮግራም፣ ጌሙን ያራግፉት። ከዚያም አዲሱን ዲስክ መርጠው እንደገና መጫን ይጀምሩና ጥቂት በመቶ ያህል ሲሄድ አቁመው ላውንቸሩን ሙሉ በሙሉ ይዝጉ። አሁን የቀዱትን ፎልደር ላውንቸሩ አዲስ በከፈተው ፎልደር ላይ ያሳርፉ፤ ዊንዶውስ ፋይሎቹ ይተኩ እንደሆነ ሲጠይቅ ይተኩ ይበሉ። ላውንቸሩን ሲከፍቱና መጫኑን ሲያስቀጥሉ ማውረዱን ትቶ ያለውን መመርመር ይጀምራል። እዚህ ላይ የማየው ተደጋጋሚ ስሕተት ሰዎች ቅጂውን ሳይዙ ማራገፋቸው ነው፤ የተራገፈው ጌም ሪሳይክል ቢን ውስጥ አይገኝም።

የጂኦጂ፣ የባትልኔትና የዩቢሶፍት ጌሞችስ?

በሦስቱም ሐሳቡ አንድ ነው፤ ፎልደሩን ይቅዱ፣ ከዚያም ጌሙ አስቀድሞ የተጫነ መሆኑን ለፕሮግራሙ ነግረው አዲሱን ቦታ ያሳዩት። ከጂኦጂ የተገዙ ጌሞች የቅጂ መቆለፊያ የሌላቸው ስለሆኑና መጫኛ ፋይሉን አንድ ጊዜ አውርዶ ለዘለቄታው ማስቀመጥ ስለሚቻል፣ ኢንተርኔት ለሚቸግረው ሰው ከሌሎቹ ይልቅ እነርሱን እመክራለሁ።

ከማይክሮሶፍት ስቶር ወይም ከኤክስቦክስ የተጫነ ጌም ፎልደሩ አይከፈትልኝም፤ ምን ላድርግ?

ፎልደሩን በኃይል ለመክፈት አይሞክሩ። ዊንዶውስአፕስ የሚባለውን ፎልደር ዊንዶውስ ሆን ብሎ የቆለፈው ሲሆን፣ የባለቤትነት ፈቃዱን በእጅ መለወጥ የሌሎቹን የስቶር ፕሮግራሞች ሥራ ሊያዛባ ይችላል። ይልቁንም በዊንዶውስ ሴቲንግስ ውስጥ የተጫኑ ፕሮግራሞች ከሚዘረዘሩበት ገጽ ጌሙን መርጠው ሙቭ ይበሉ፤ ወይም በኤክስቦክስ መተግበሪያ ውስጥ የጌሙን ማስተዳደሪያ ገጽ ከፍተው ዲስኩን ይለውጡ። ተቀባዩ ዲስክ ኤንቲኤፍኤስ በሚባለው አደረጃጀት ፎርማት የተደረገ መሆን አለበት።

ስቲምም ሆነ ሌላ ማስተዳደሪያ የሌላቸው፣ ከዲስክ የተጫኑ ቆየት ያሉ ጌሞችን እንዴት ላዛውር?

በሠፈራችን አሁንም የሚወደዱት እነዚህ ናቸው፤ ፔስ 2013፣ ሳን አንድሪያስ፣ የቀደሙት የፊፋ እትሞች። ከእነርሱ መካከል አንዳንዶቹ ፎልደራቸው የትም ቢሄድ የሚነሡ ሲሆኑ፣ ሌሎቹ ግን በሬጅስትሪ የተጻፈውን አድራሻ ካላገኙ አንከፍትም ይላሉ። መጀመሪያ ፎልደሩን ቀድተው ዋናውን የማስነሻ ፋይል ከአዲሱ ቦታ ይሞክሩት። ከተነሣ የሚቀርዎት ዴስክቶፕ ላይ አዲስ ሾርትከት ማውጣት ብቻ ነው።

ካልተነሣ ሬጅስትሪውን ከመነካካት በፊት የምመርጠው ሌላ መንገድ አለ፤ ይኸውም ጀንክሽን የሚባለው ማያያዣ ነው። ጀንክሽን በድሮው አድራሻ ላይ የሚቀመጥ፣ ውስጡ ባዶ ቢሆንም የመጣውን ሁሉ ወደ አዲሱ ቦታ የሚያሻግር በር ነው። ጌሙም ዊንዶውስም ፋይሎቹ አሁንም ሲ ላይ ያሉ ይመስላቸዋል። አሠራሩ ይህን ይመስላል፦ ፎልደሩን ወደ ዲ ይቅዱ፤ በሲ ላይ ያለውን ፎልደር አያጥፉት፣ ስሙን ብቻ ይለውጡት፤ ኮማንድ ፕሮምፕትን በአስተዳዳሪ ፈቃድ ይክፈቱ፤ ከዚያም ኤምኬሊንክ የሚባለውን ትእዛዝ፣ ማለትም ኤም፣ ኬ፣ ኤል፣ አይ፣ ኤን፣ ኬ የሚሉትን የእንግሊዝኛ ፊደላት አያይዘው ይጻፉ። ክፍት ቦታ ትተው ወደ ቀኝ ያዘነበለውን ስላሽና ጄ የሚለውን ፊደል፣ ቀጥለው በትእምርተ ጥቅስ ውስጥ የድሮውን ሙሉ አድራሻ፣ በመጨረሻም በሌላ ትእምርተ ጥቅስ ውስጥ አዲሱን አድራሻ አስገብተው ኢንተርን ይጫኑ። ቅደም ተከተሉ ወሳኝ ነው፤ መጀመሪያ በሩ የሚቆምበት፣ ቀጥሎ በሩ የሚያደርስበት። ጌሙ መሥራቱን ካዩ በኋላ ስሙን የለወጡትን ፎልደር ማጥፋት ይችላሉ።

አንድ ማስጠንቀቂያ ልጨምር። በበሩ ገብተው ፋይሎቹን ቢያጠፉ የሚጠፉት በዲ ያሉት እውነተኛዎቹ ፋይሎች ናቸው። «ሲ ላይ ያለውን ትርፍ ቅጂ አጸዳሁ» ብሎ ጌሙን በሙሉ ያጠፋ ደንበኛ ገጥሞኛል፤ በሩ ባዶ መሆኑን ሳላስረዳው የሸኘሁት እኔ ስለነበርሁ ጥፋቱን በከፊል ለራሴ ወስጃለሁ።

የደረስሁበት ደረጃ ይጠፋብኛል?

ማዛወር ብቻውን ደረጃውን አያጠፋም፤ የሚያጠፋው ማራገፍና ፎርማት ማድረግ ነው። ያም ሆኖ ከማንኛውም ሥራ በፊት የሴቭ ፋይሎቹን ፍላሽ ላይ መቅዳት ጥቂት ሜጋባይት ብቻ የሚወስድ ጥንቃቄ ነው። የሳን አንድሪያስ ሴቭ ዶክዩመንትስ ውስጥ የጌሙን ስም በያዘ ፎልደር፣ የፔስ 2013 ደግሞ በዚያው በዶክዩመንትስ ኮናሚ በሚል ፎልደር ሥር ይገኛል። ሌሎች ጌሞች ሴቭድ ጌምስ ወይም አፕዳታ የሚባሉትን ይጠቀማሉ፤ አፕዳታ የተደበቀ ፎልደር ስለሆነ በፋይል ኤክስፕሎረር የተደበቁትን አሳይ ካላሉት አይታይም። የስቲም ክላውድ ሴቭን ኢንተርኔት ላይ ያስቀምጣል፤ ይህ ግን ጌሙ አገልግሎቱን ሲደግፍና ኮምፒውተሩ ከኢንተርኔት ጋር ተገናኝቶ ሲቆይ ነው። ለሁለት ሳምንት ያለ ኢንተርኔት የተጫወቱት ሊግ በክላውድ ላይ የለም።

ጌሞቹን ኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ ላይ አድርጌ ከዚያው መጫወት እችላለሁ?

ይችላሉ፤ በተለይ ቆየት ያሉ ጌሞች ያለ ምንም ችግር ይሠራሉ። ሦስት ነገሮችን ግን ያስተካክሉ። የመጀመሪያው ፎርማቱ ነው፤ ፋት 32 የሚባለው አደረጃጀት ከ4 ጊጋባይት የሚበልጥ አንድ ፋይል አይቀበልም፤ የዛሬ ጌሞች ደግሞ ከዚያ የሚበልጡ ፋይሎች ስላሏቸው መቅዳቱ መሃል ላይ «ፋይሉ ለዚህ ዲስክ ትልቅ ነው» በሚል መልእክት ይቆማል። ዲስኩን ኤንቲኤፍኤስ ያድርጉት፤ ፎርማት ሲያደርጉ በውስጡ ያለው ሁሉ እንደሚጠፋ ሳይዘነጉ። ሁለተኛው ፊደሉ ነው፤ ዲስኩ ዛሬ ኢ፣ ሌላ ፍላሽ ተሰክቶ በነበረበት ነገ ደግሞ ኤፍ ሆኖ ሊመጣ ስለሚችል በዲስክ ማኔጅመንት ገብተው ከፊደላቱ መጨረሻ አካባቢ አንድ ቋሚ ፊደል ይስጡት። ሦስተኛው ገመዱ ነው፤ እየተጫወቱ የተነቀነቀ ገመድ ጌሙን ይዘጋዋል፣ ሴቭ በሚጻፍበት ቅጽበት ከሆነም ሴቩን ሊያበላሸው ይችላል።

ያገለገለ ሃርድ ዲስክ ገዝቼ ጌም ላስቀምጥበት?

ለጌም ያገለገለ ዲስክ መግዛት ነውር የለውም፤ የጠፋ ጌም መልሶ ይገኛል፤ የሠርግ ፎቶ ግን አይገኝምና ያንን አያስቀምጡበት። ከመክፈልዎ በፊት ክሪስታልዲስክኢንፎ በሚባለው ነፃ ፕሮግራም ዲስኩን ይመርምሩት። ፕሮግራሙ ዲስኩ ስንት ሰዓት እንደሠራና ስንት የተበላሹ ሴክተሮች (የዲስኩ ጥቃቅን የመጻፊያ ክፍሎች) በመጠባበቂያ እንደተተኩ ያሳያል። የሰዓቱ ብዛት ብቻውን አያስፈራኝም፤ የተተኩት ሴክተሮች ቁጥር ከዜሮ ከራቀ ግን ዋጋው ምንም ያህል ቢረክስ አልገዛም። ሻጩ ለማስመርመር ፈቃደኛ ካልሆነ መልሱን ሰጥቶዎታል ማለት ነው።

መጠኑንም ይፈትሹ። አንድ ቴራባይት ተብሎ የተሸጠ ዲስክ ዊንዶውስ ላይ 931 ጊጋባይት ሆኖ ቢታይ ማታለል የለበትም፤ ልዩነቱ የመጣው አምራቹ በሺህ፣ ዊንዶውስ ደግሞ በ1024 እያባዙ ስለሚቆጥሩ ነው። ማታለሉ ያለው ሌላ ቦታ ነው። ከጥቂት ጊዜ በፊት ሁለት ቴራባይት የተጻፈበት ፍላሽ በሚያስደንቅ ዋጋ ገዝቼ ነበር፤ ዊንዶውስም ሁለት ቴራባይት ብሎ አነበበው፤ ጌሞቹም የተቀዱ መሰሉ። ሲከፈቱ ግን ከመጀመሪያዎቹ በስተቀር ሁሉም ባዶ ሆነው ተገኙ፤ የፍላሹ እውነተኛ መጠን ተደብቆ ነበርና። ኤችቱቴስትደብልዩ የሚባለው ነፃ ፕሮግራም ዲስኩን እስከ ጫፍ ሞልቶ መልሶ በማንበብ ይህን ያጋልጣል፤ ሌሊቱን ሙሉ ቢፈጅም ይሞክሩት።

የትኛውን ጌም ወደ ኤስኤስዲ፣ የትኛውን ወደ ተራው ሃርድ ዲስክ ላድርግ?

ኤስኤስዲ፣ ማለትም የሚሽከረከር ክፍል የሌለው ፈጣን ዲስክ፣ የሚያሳጥረው የሎዲንግ ጊዜን ነው፤ ጌሙ በሚሄድበት ጊዜ ምስሉ የሚቆራረጠው የግራፊክስ ካርዱ አቅም አንሶ ከሆነ ዲስክ መለወጥ አይፈውሰውም። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ለኤስኤስዲ ከፍሎ «ያው ነው» እያለ የሚመለስ ደንበኛ ስለሚበዛ ነው። ሰፊ ዓለም ያላቸውና እየተጓዙ ሳለ ከዲስክ የሚያነቡ አዳዲስ ጌሞች ግን በሚሽከረከር ዲስክ ላይ በእርግጥ ይሰቃያሉ። ሳይበርፐንክ 2077 እ.ኤ.አ. በ2023 ዝቅተኛ መስፈርቱን ከተራ ሃርድ ዲስክ ወደ ኤስኤስዲ አሳድጓል፤ በዚያው ዓመት የወጡት ስታርፊልድ 125 ጊጋባይት፣ ባልዱርስ ጌት 3 ደግሞ 150 ጊጋባይት ቦታ በኤስኤስዲ ላይ እንዲኖር ይጠይቃሉ። ባለ 240 ጊጋባይት ኤስኤስዲ ላይ ዊንዶውስና ከእነዚህ አንዱ ብቻ እንደሚበቁ ከዚህ መገመት ይቻላል። የእግር ኳስ ጌሞቹንና ቆየት ያሉትን በተራው ዲስክ ላይ ይተዋቸው፤ ኤስኤስዲውንም እስከ ጫፉ አይሙሉት፣ ሲሞላ የመጻፍ ፍጥነቱ ይወርዳል።

የሲዲ ማስገቢያ ያለው ያገለገለ ላፕቶፕ የያዘ ሰው ከሁለቱ አንዱን መምረጥ የለበትም። ሲዲ ማንበቢያው ወጥቶ በቦታው ሃርድ ዲስክ የሚይዝ ኬዲ ይገባል፤ ኤስኤስዲው በዋናው ቦታ፣ የድሮው ሃርድ ዲስክ በኬዲው ይቀመጣል። ኬዲው 9.5 እና 12.7 ሚሊሜትር ውፍረት ባላቸው ሁለት ዓይነቶች ስለሚመጣ ማንበቢያውን ሳይለኩ አይግዙ።

እየተቀዳ ሳለ መብራት ቢጠፋስ?

ከመቁረጥ ይልቅ መቅዳትን ከመረጡ የጠፋ ነገር የለም፤ ዋናው በቦታው አለ። በላፕቶፕ ከሆነ ባትሪውን ሞልተው ይጀምሩ። ዴስክቶፕ ከሆነ ዩፒኤስ፣ ማለትም መብራት ሲጠፋ ለጥቂት ጊዜ የሚያቆይ ባትሪ፣ ይኑረው፤ ስታቢላይዘር የቮልቴጅ መዋዠቅን ይከላከላል እንጂ መብራት ሲጠፋ ኮምፒውተሩን አያቆየውም፤ ሁለቱን የሚያምታቱ ብዙዎች ናቸው። መብራት ሲመለስ ሥራውን ከዜሮ ላለመጀመር ሮቦኮፒ የሚባለው፣ ከዊንዶውስ ጋር አብሮ የሚመጣ ትእዛዝ ይረዳል፤ መነሻውንና መድረሻውን አድራሻ ሰጥተው መጨረሻ ላይ ስላሽ ኢ ቢጨምሩበት አስቀድሞ በሙሉ የተቀዱትን ፋይሎች አልፎ የቀሩትን ይቀዳል። ስቲም እያዛወረ ሳለ ከጠፋ ደግሞ ስቲምን ከፍተው የፋይሎቹን ጤንነት ያስመርምሩ።

ዊንዶውስ ፎርማት ሲደረግ በዲ ላይ ያሉት ጌሞች ይተርፋሉ?

ፎልደሮቹ ይተርፋሉ። ስቲምን እንደገና ጭነው በስቶሬጅ ገጽ የዲ ፎልደሩን ካሳዩት ጌሞቹን ሁሉ መልሶ ያውቃቸዋል። ማስተዳደሪያ የሌላቸው ጌሞች ግን የሬጅስትሪ መረጃቸውና አጋዥ ፋይሎቻቸው ከሲ ጋር ስለጠፉ አንዳንዶቹ እንደገና መጫን ይፈልጋሉ። ፎርማት የሚያደርግልዎት ሰው ሲ ብቻውን እንዲነካ አስቀድመው በግልጽ ይንገሩት።

ከጓደኛዬ ኤክስተርናል ላይ የቀዳሁት ጌም «ዲኤልኤል የለም» ይላል፤ ለምን?

ጓደኛዎ ጌሙን ሲጭን አብረው የተጫኑት፣ ዲኤልኤል የሚባሉት አጋዥ ፋይሎች በእርሱ ኮምፒውተር ሲ ላይ ስለቀሩ ነው። ብዙውን ጊዜ የጌሙ ፎልደር ውስጥ ሪዲስት የሚል ስም ያለበት ፎልደር ይኖራል፤ በውስጡ ያሉትን የቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስና የዳይሬክትኤክስ መጫኛዎች ያስኪዱ። የጎደለውን ዲኤልኤል ብቻውን ከማይታወቅ ቦታ አያውርዱ። በዚህ መንገድ ከሚዘዋወሩት ጌሞች ብዙዎቹ መቆለፊያቸው የተሰበረ ሕገወጥ ቅጂዎች መሆናቸውን ሁላችንም እናውቃለን። የኮምፒውተር ፕሮግራም በአዋጅ ቁጥር 410/1996 የቅጂ መብት ጥበቃ የተሰጠው ሥራ ነው፤ ከሕጉ ባሻገርም ፎልደሮችን ወደ ሾርትከት የሚለውጠው ቫይረስ ወደ ሱቄ የሚመጣው በአብዛኛው በእነዚሁ ዲስኮች ተሳፍሮ ነው።

ጌሙን አዛውሬም ሲ ላይ ቦታ አልተለቀቀም፤ ምን ቀረ?

በመጀመሪያ ሪሳይክል ቢንን ባዶ ያድርጉ፤ በእጅዎ ያጠፉት ፎልደር እዚያው ሲ ላይ ተቀምጦ ይሆናል። ቀጥሎ በሴቲንግስ ውስጥ ስቶሬጅ የሚለውን ገጽ ከፍተው ቦታውን የያዘው ምን እንደሆነ ይመልከቱ፤ የግራፊክስ ካርዱ የሚያከማቸው የሼደር ካሽና ጊዜያዊ ፋይሎች ያለ ስጋት ሊጸዱ ይችላሉ። እንደ ቫሎራንት ያሉ ጌሞች የማጭበርበር መከላከያቸውን ከዊንዶውስ ጋር ስለሚያስነሡት እርሱ በሲ ላይ መቅረቱ የሚጠበቅ ነው። ብዙ ጊጋባይት የሚይዝ ሃይበርፊል የሚባል የተደበቀ ፋይል ሊያገኙም ይችላሉ፤ ይህ ኮምፒውተሩ ሃይበርኔት ሲያደርግ የተከፈተውን ሥራ የሚያስቀምጥበት ነው። ቦታ ለማግኘት ብለው እንዲያጠፉት የሚመክሩ አሉ። የላፕቶፕ ባትሪ ሲያልቅ የተከፈተውን ሥራ ሊያተርፍ የሚችለው ይህ ፋይል ስለሆነ፣ መብራት በሚቆራረጥበት በእኛ ሠፈር እኔ አልመክርም፤ በምትኩ አንድ ሌላ ጌም ወደ ዲ ይሂድ።